ይድረስ ለግብ ጠባቂያችን

እንዴት ነህ ወንድሜ? «ካንተ ናፍቆት በስተቀር ደህና ነኝ» ብዬ ልጀምር አልኩና አፈርኩ። አሥራ አንድ ዓመት ሙሉ ስልክህን ይዞ ያልደወለ ሰው ናፈቅከኝ ቢል ማን ያምነዋል?

ያለሁት ዳላስ ነው። መኪና ማቆሚያ ውስጥ እሠራለሁ። በመከር ፌር ፓርክ የሚባል ግቢ ውስጥ ትልቅ ባዛር አለ፤ ኮተን ቦውል የተባለው ስታዲየምም እዚያው ነው። የእነሱን ፉትቦል መቼም ታውቀዋለህ፣ በእጅ የሚጫወቱትን። ላንተ የተፈጠረ ነበር። ኳስ ስትይዝ እንጂ በእግርህ በትክክል ስትመታ ማን አይቶህ ያውቃል?

በቀደም የጨዋታ ቀን አንድ ሽማግሌ የመኪናውን ቁልፍ ሲያቀብለኝ ወደ ስታዲየሙ ጠቁሞ፣ ልጅ ሆኖ ኤርኒ ዴቪስን እዚያ ማየቱን ነገረኝ። ማን እንደሆነ አላወቅኩም። ማታ ቤት ገብቼ ስለሱ ሳነብ ነጋብኝ።

ነገሩ እንዲህ ነው። እ.ኤ.አ. በ1959 የዴቪስን ቡድን፣ የሲራኪዩስ ዩኒቨርሲቲን፣ የቻለው አልነበረም። 10 ተጫውተው 10 አሸነፉ። 390 ነጥብ አስቆጥረው የተቆጠረባቸው 59 ብቻ ነው። አምስት ቡድኖችን ባዶ እጃቸውን ሸኝተዋል፤ ኮልጌትንማ 71 ለ 0! ያስጨነቃቸው ፔን ስቴት ብቻ ነው፣ 20 ለ 18። አሰልጣኙ ቤን ሽዋርትዝዋልደር በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ኖርማንዲ ላይ በፓራሹት የወረደ ወታደር ነበር። ልምምዱን አስበው።

የአገሪቱ አንደኛ ተብለው ነው ዳላስ የመጡት፣ ጃንዋሪ 1 ቀን 1960፣ ከቴክሳስ ጋር። ባለ 44 ቁጥሩ ኤርኒ ዴቪስ ገና 20 ዓመቱ ነው፤ በልምምድ ላይ የኋላ ጭኑን ታሞ ነው የገባው። ጨዋታው ከመጀመሩ አምበሉ ጌር ሽዌደስ ኳሷን ተቀብሎ የሚሮጥ መሰለ። ከዚያ ወረወራት። ዴቪስ ያዛትና በዚያው በታመመ እግሩ ለቀቀው። 87 ያርድ! ሜዳውን ከዳር እስከ ዳር በለው። ደግሞ ሌላ አስቆጠረ፣ የባላጋራንም ኳስ ጠለፈ። 23 ለ 14 አለቀ፤ የጨዋታው ኮከብም እሱ ሆነ።

ማታ የሽልማት ግብዣ ነበር። በሉ፣ ሽልማቱ ተሰጠ። ከዚያ ጥቁሮቹ ይውጡ ተባለ። ዴቪስም፣ አርት ቤከርም፣ ጆን ብራውንም። የቀኑ ኮከብ ዋንጫውን ተቀብሎ ውጣ! ሽዌደስ «እንግዲያው ሁላችንም እንውጣ» የሚል ሐሳብ አቀረበ፤ የዩኒቨርሲቲው ሰዎች አልፈቀዱም። ነጮቹ ቀሩ።

እዚህ ጋ ስልኬን አስቀመጥኩት።

የኛን ከእነሱ ጋር ማወዳደሬ አይደለም። ያ የቆዳ ቀለም ነው፣ አገር የተስማማበት ነውር ነው። ግን የዲፓርትመንት ዋንጫ የበላን ማታ ትዝ ይልሃል? ፍፁም ቅጣት ምት ያዳንከው አንተ ነህ። በዚያው ሳምንት ነጥብህ ጎድሎ ተባረህ ነበር። ግብዣው ላይ አንዱ አስተባባሪ መጣና «የተባረረ ተማሪ እዚህ አይቀመጥም» አለህ። አንድ ትሪ ላይ ነበርን። እጅህን ሳትታጠብ ተነሳህ፤ እኔን አየኸኝ። አምበሉ እኔ ነበርኩ። ሽዌደስ ቢያንስ አፉን ከፍቷል። እኔ ጎረስኩ። ባንተ በኩል ያለው እንጀራ ሳይነካ እስከ መጨረሻው እፊቴ ነበር።

ከዚያ በኋላ በየት በኩል ልደውል? ሥራ በዛብኝ፣ ሰዓቱ አይገጥምም፣ ቪዛው... ሁሉም ሰበብ ነው።

ስለ ዴቪስ ልጨርስልህ። በ1961 መጨረሻ የኮሌጅ ፉትቦል ትልቁን ሽልማት፣ ሄይዝማንን፣ ከጥቁሮች የመጀመሪያው ሆኖ ወሰደ። ሁለት ወር ሳይሞላ እኛም አዲስ አበባ ላይ የአፍሪካን ዋንጫ በላን፤ የነ ሉቺያኖ ዘመን መሆኑ ነው። ሄይዝማንን በወሰደ ሰሞን፣ በዲሴምበር 1961፣ የፕሮፌሽናል ክለቦች አዲስ ተጫዋች ሲመርጡም ከሁሉ ቀድሞ የተጠራው እሱ ነው። በ1962 ግን የደም ካንሰር ያዘው። አንድም የፕሮፌሽናል ጨዋታ ሳይጫወት በሜይ 1963፣ በ23 ዓመቱ ሞተ።

ሜዳሊያህ እኔ ጋ ነው። አንተ ከወጣህ በኋላ «ስጠው» ብለው ለኔ ሰጡኝ። እናቴ ቤት መሳቢያ ውስጥ ይኸው እስካሁን አለ። እህቴን ነግሬያታለሁ፣ ቅዳሜ ከሰዓት ይዛልህ ትመጣለች። ካልፈለግከውም ቡና አጠጥተህ መልሳት፤ እሷ ምንም አላጠፋች።