ታረቃችሁ ወይስ ተስማማችሁ?

ለውድ እናቴ፣

እማዬ፣ እንደምን ሰነበትሽ? ጉልበትሽስ ተሻለሽ? የደብረ ብርሃን ብርድ በርትቷል ሲሉ ሰምቼ ወፍራሙን ጋቢ ከዚህ ደብዳቤ ጋር በጋሼ እጅ ልኬልሻለሁ። የእትዬ ልጅ ቀስ ብላ ታንብብልሽ። ሐሙስ ስንደዋወል «ታረቃችሁ ወይስ ተስማማችሁ?» ስትዪኝ ምላሴ ተሳስሮ ነበር።

ተስማምተናል፣ እማዬ።

አባባ ካረፈ ወዲህ የተካሰስንበት ቤት አይሸጥም። በሕይወት እስካለሽ ድረስ ትኖሪበታለሽ፤ የሱቁም ኪራይ ያንቺ ነው። ማሙሽ ከኋላ የሠራቸውን ሁለት ሰርቪስ ክፍሎች ይዞ ይቀጥላል፤ የግንባታ ወጪ ይተካልኝ ማለቱን ትቷል፣ እኛም ያከራየበትን ይቁጠርልን ማለታችንን ትተናል። እታለም ለጣሪያው ቆርቆሮ ከቤሩት የላከችው ገንዘብ እንደ ብድር ተጽፎ ይመለስላታል። የእኔን ድርሻ ማሙሽ በሦስት ዓመት ከፋፍሎ በገንዘብ ይሰጠኛል። ሚሚ ደግሞ «እማዬ እያለች ስለ ድርሻ አታንሱብኝ» ብላ ፈርማ ወጣች። ከሁላችንም እሷ ትሻላለች።

ክሱን የከፈትኩት እኔ መሆኔን ታውቂያለሽ። ሕጉ ከእኔ ጋር ነው ብዬ ነበር፤ ደግሞም አልተሳሳትኩም። ቤቱ የጋራ ሀብታችሁ ስለሆነ ግማሹ ያንቺ ነው፤ የአባባ ግማሽ ለአራታችን እኩል ሲከፈል ለእያንዳንዳችን ከስምንት አንድ እጅ ይደርሰናል። 160 ካሬ ግቢ ደግሞ ተሸንሽኖ ለማንም አይሆንም። እንግዲያው በሐራጅ ይሸጥና ገንዘቡን እንካፈል አልኩ። የነፍስ አባታችን ከሽማግሌዎቹ ጋር ሦስት ጊዜ ቢመላለሱም ቡናቸውን ጠጥተው ከመሄድ በቀር ያገኙት ነገር አልነበረም።

እኔን የረታኝ የውርስ አጣሪው ዝርዝር ነው። የንብረቱ መግለጫ ከመዝገቡ ጋር ተያይዞ ሲደርሰኝ ማታ ቁጭ ብዬ አነበብኩት። አልጋ፣ ቁም ሣጥን፣ ሁለት በርሜል እያለ ይወርዳል። ተራ ቁጥር 31 ላይ «ምጣድ ከነአክንባሎው፣ ያገለገለ፣ 400 ብር» ይላል። እጀታው ሲወልቅ አባባ ሽቦ ጠምዝዞ የሠራለት አክንባሎ ማለት ነው። አንድ የማያውቁት ሰው ማድ ቤትሽ ገብተው፣ አንስተው አይተው፣ ዋጋ አውጥተውለታል። ሰውየው ሥራቸውን ነው የሠሩት። ያስገመትኩት እኔ ነኝ።

በሚቀጥለው ቀጠሮ ዳኛዋ በስምምነት ብትጨርሱትስ ብለው ሲጠይቁ ቀድሜ እሺ ያልኩት እኔ ነበርኩ። ጠበቃዬ ዞሮ አየኝ። ወደ አስማሚ ተመራንና ሦስት ጊዜ ተቀምጠን ተነጋገርን፤ በመጀመሪያው ቀን ጩኸት እንጂ ንግግር አልነበረም። በመጨረሻ የተስማማነው በጽሑፍ ሆኖ፣ ጋሼ በሰጠሽው ውክልና ስለ አንቺ፣ የእታለም ወኪል ስለ እሷ፣ እኛም ለራሳችን ፈረምን። ዳኛዋ ከሕግና ከሞራል ጋር አለመቃረኑን አይተው አጸደቁልን፤ መዝገቡም ተዘጋ። ነገ አንዳችን ሐሳባችንን ብንለውጥ እንደ ፍርድ በአፈጻጸም እንገደዳለን። ስለ ቤቱ ከእንግዲህ አትስጊ።

ስለ እርቁ ግን የምነግርሽ ጥቂት ነው። ከልደታ ፍርድ ቤት ስንወጣ ማሙሽ ደረጃው ላይ ቆሞ «ምጣዱስ ለማን ደረሰ?» አለኝ። ሁለት ዓመት ሙሉ በጠበቃ ካልሆነ ቃል ያልተነፈሰልኝ ልጅ! መልስ አጣሁ፤ እሱም መልስ አልጠበቀም። ታክሲ ተራው ድረስ ጎን ለጎን ሄድን፣ ሒሳብ የከፈለውም እሱ ነው።

ቅዳሜ ልንወስድሽ ሁለታችንም እንመጣለን። የሚነዳው እሱ ነው፤ አንቺ ከፊት ትቀመጫለሽ፣ እኔ ከኋላ። መንገድ ላይ ያንን ጥያቄሽን ለሁለታችንም ጠይቂን።

ልጅሽ