ድንጋያችሁ ትንሽ ይርሳ

ይድረስ ለጋዜጣው ዝግጅት ክፍል፣

ጤና ይስጥልኝ። በሦስት ተከታታይ እትሞች ያወጣችሁትን ስለ «ዝክር» የሚተርክ ልብ ወለድ ጨርሻለሁ። ያነበበችልኝ የልጅ ልጄ ናት፤ ዓይኔ ከመሮ ፍንጣሪ የተረፈ ስለሆነ ደቃቅ ፊደል ያስቸግረዋል። የምኖረው ባሕር ዳር፣ ሽምብጥ ነው። 41 ዓመት ድንጋይ ጠርቤ ነው ልጆች ያሳደግሁት፤ ስለ ድንጋይ ሲወራ ዝም ብዬ መስማት አልችልበትም።

ላላነበበው ሰው፣ ዝክር ከጣና ሥር የወጣ ሰማያዊ ማዕድን ነው። ግንባሩን ያስነካው ሰው ድንጋዩ ዘንድ የተቀመጠውን ትዝታ ያያል። ባለታሪኩ ልጅ ደቅ ደሴት አጠገብ 80 ሜትር ጠልቆ ያወጣዋል፣ ሟች እናቱን ቡና ስታፈላ ያያታል፣ መጨረሻ ላይ ድንጋዩን አዲስ አበባ ወስዶ ይሸጠዋል። (በእኛ ሰፈር ዝክር ጠላና ዳቦ ያለበት ነው። ባለቤቴ ስሙን ስትሰማ «የማን ዝክር ነው ዛሬ?» ብላ ነጠላዋን አንሥታ ነበር።)

ከትንሹ ልጀምር። ጣና ውስጥ 80 ሜትር የሚጠለቅበት ቦታ የለም። ጥልቅ የተባለው ሥፍራ 14 ሜትር ገደማ ነው፤ ውኃው ስፋት እንጂ ጥልቀት አልተሰጠውም። ደራሲው እኛ «ባሕር» ስንል ሰምቶ ተሳስቶ ይሆናል፤ አልፈርድበትም።

አልዋጥልህ ያለኝ ዝክር ምንም ነገር አለመርሳቱ ነው። ከፍጥረት ጀምሮ ፀሐይ አላየም፣ እሳትም አይነካውም ተብሏል። ጂኦሎጂ ለተማረችው ልጄ ይህን ስነግራት ሳቀች። «አባዬ፣ የሚያስታውስ ድንጋይማ አለ፤ ስትጠርበው የኖርከው እኮ ነው» አለችኝ።

እንዳስረዳችኝ ከሆነ ጥቁሩ ድንጋይ እንደ እሳት ፈስሶ ሲቀዘቅዝ ውስጡ ያሉት ደቃቅ ብረት አዘል ቅንጣቶች የዚያን ዘመን ሰሜን ይዘው ይቀራሉ። ሰሜኑም የዛሬው ላይሆን ይችላል፤ ከ780 ሺህ ዓመት ገደማ በፊት የምድር ማግኔት ሰሜንና ደቡቡ ተገላብጦ ነበር። እኔ ያንን ሁሉ ሰሜን በመዶሻ እየፈነከትሁ የቤት መሠረትና የአጥር ግንብ አድርጌዋለሁ። አንዱ ፊት ወደ ጎንደር፣ አንዱ ወደ ገበያ። ማን ነግሮኝ!

ግን ይኸው ድንጋይ 580 ዲግሪ አካባቢ ሲግል ይረሳል። መልሶ ሲቀዘቅዝ የዛሬውን ሰሜን ይይዛል፤ የጥንቱ አይመለስም።

አሸዋም እንደዚሁ ነው። የኳርትዝ ቅንጣት ተቀብሮ ሳለ ከአፈሩ የሚወጣውን ደካማ ጨረር ያጠራቅማል። ላቦራቶሪ ወስደው ብርሃን ሲያሳዩት ያጠራቀመውን ብልጭ አድርጎ ይሰጣል፤ በዚያ ስንት ዘመን ተቀብሮ እንደኖረ ይሰላል። መንገድ ላይ ፀሐይ ከነካው ግን ባዶ ነው። ለዚህ ሲሉ አፈሩን በብረት ቱቦ አፍነው፣ በጨለማ ይወስዱታል። ታዲያ ዝክር ፀሐይ አላየም የሚለው እንዴት ነው? ጣና ራሱ ከዛሬ 17 ሺህ ዓመት ገደማ በፊት ደርቆ እንደነበር ከወለሉ የተቆፈረው ጭቃ ይመሰክራል። ያን ጊዜ ድንጋያችሁ የት ተሸሽጎ ነበር? ደግሞስ ማን ቀሰቀሰውና ነው የሚናገረው? የጣና ገዳማት የድንጋይ ደወል እንኳ ካልመቱት አይጮኽም።

የእናቴን ነገር ባላነሣ ይህን ሁሉ መጻፌ ለመመጻደቅ ይመስላል።

እናቴ ከእናቷ የወረሰችው ወፍጮ ነበራት። የሞተር ወፍጮ ሰፈራችን ከገባም በኋላ ብቅሉንና የሽሮ እህሉን በእጇ ነበር የምትፈጭ። ወፍጮ ሲሠራበት ይልማል፣ እህሉ ይንሸራተትበታል። «ና እስቲ ውቀርልኝ» ትለኛለች። በሹል መዶሻ ጠቅ ጠቅ አድርጌ ፊቱን አሻክረዋለሁ። ሙያዬን የጀመርሁት እዚያ ወፍጮ ላይ ነው። ከወቀራ በኋላ የመጀመሪያው ዱቄት ድንጋይ ድንጋይ ስለሚል ለዶሮ ይበተናል።

በ1994 ዓ.ም. ዐረፈች። ተዝካሯ ከወጣ በኋላ እኅቴ ወፍጮውን ልትወስድ መጣች። «ሳይወቀርማ አይሄድም» ብዬ ቁጭ አልሁ። ግማሹን ስጨርስ እጄ ቆመ። የማነሣው ልስላሴ የእሷ የመጨረሻ ሳምንታት ጉልበት ነው፤ ከዚያ ወዲህ ማንም አልፈጨበትም። መዶሻውን አስቀመጥሁ። እኅቴ ግማሹን ሻካራ፣ ግማሹን ልሙጥ እንዳለ ተሸክማው ሄደች።

በሦስተኛው ሳምንት «ብቅሉ በአንድ በኩል ብቻ ነው የሚፈጭልኝ» ብላ ላከችብኝ። ሄጄ ጨረስሁት።

መጁ እኔ ዘንድ ቀረ። አልወቀርሁትም፤ የጓዳውን በር ያስደግፋል።

ለደራሲው የምለው ይኸው ነው። አራተኛ ክፍል የሚጽፍ ከሆነ ዝክር ከነሙሉ ትዝታው ለገዢ አይድረስ። አውቶቡሱ ዓባይ በረሃን ሲወርድ ልጁ ድንጋዩን ጭኑ ላይ አስቀምጦ፣ የመስኮት ፀሐይ ይንካው። ገዢው ግንባሩን ሲያስነካ ጀበናው ይታየው፣ ጭሱም ይታየው፤ የእናትየው ፊት ግን ጠፍቶ ይጠብቀው። ልጁ ያን ጊዜ ምን እንደሚያደርግ ደራሲው ያውቃል።

80 ሜትሯን ግን ምንም ሳትመካከሩ 14 አድርጓት።

ከአክብሮት ጋር፣
ጡረተኛው ድንጋይ ጠራቢ
ከሽምብጥ፣ ባሕር ዳር