ግጥሙን ማን ጻፈው?

ውድ ወዳጄ፣

እንደምን ከረምክ? እማማስ ደህና ናቸው? ሁለት ዓመት ሙሉ ስጠፋብህ ምን እንዳሰብክ ይገባኛል። ተቀይሜህ አይደለም። ያን ቀን ደውለህ ዘፈኑ እንደወጣና ሰው ሁሉ እንደሚያንጎራጉረው፣ ግጥሙ ላይ ግን ስምህ እንደሌለ ስትነግረኝ በምን እንደማጽናናህ ጠፋኝ። ዛሬ ነገ ስል ጊዜው ሄደ፤ ከዚያ ደግሞ አፈርኩ። ይቅር በለኝ።

አሁን ብዕር ያስነሳኝ አንድ ሩሲያዊ ነው፣ ሞዴስት ቻይኮቭስኪ። ቻይኮቭስኪ ስልህ ሙዚቃ ደራሲው ፒዮትር ነው ትዝ የሚልህ፤ እኔም ሌላ አላውቅም ነበር። ሞዴስት የእሱ ታናሽ ወንድም ነው። በ1850 (ዓመቱን ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ነው የምነግርህ) መንታ ሆኖ ተወለደ። ሕግ ተማረ፤ ልቡ ግን ቲያትር ቤት ነበር። ለኦፔራ ቃሉን፣ ማለትም ሊብሬቶ የሚሉትን፣ የሚጽፍ ሰው ሆነ። ያው የአንተ ሥራ ማለት ነው።

ትልቁ ሥራው «ፒኮቫያ ዳማ» የሚባለው ኦፔራ ቃል ነው፤ ከፑሽኪን አጭር ልብ ወለድ የተወሰደ። ሳር ቤት አደባባይ የተሰየመለት ፑሽኪን እኮ ነው! ሄርማን የሚባል መኮንን በካርታ ጨዋታ የማያስበላ የሦስት ካርታ ምስጢር አለ ሲባል ሰምቶ ያብዳል። ፑሽኪን ዘንድ ሄርማን እብዶች ሆስፒታል ይገባል፣ እሱን ያፈቀረችው ሊዛ ሌላ ሰው አግብታ ትኖራለች። ኦፔራው ላይ ሁለቱም ይሞታሉ። ሞዴስት በ1890 መጀመሪያ ቃሉን ከሩሲያ ይልካል፣ ፒዮትር ፍሎረንስ ቁጭ ብሎ ያዜማል፤ ረቂቁን በ44 ቀን ጨረሰው። የሄርማንን ሞት ሲጽፍ አምርሮ እንዳለቀሰ በማስታወሻው አስፍሯል። ወንድሙን ግን አልማረውም፤ ቃል አብዝተሃል፣ አሳጥር እያለ ይጽፍለት ነበር፣ አንዳንዱንም ግጥም ራሱ ጽፎ አስገብቷል። ሊዛ በሌሊት ቦዩ ዳር ቆማ ሄርማንን የምትጠብቅበትን ትዕይንት አስገባ ያለውም ፒዮትር ነው። እስቲ እሷን ብቻ ስማት። እኩለ ሌሊት እስኪደወል ይመጣል እያለች ራሷን ታባብላለች፣ ደወሉ ሲመታ ድምፅዋ ይሰበራል። እኔ ቋንቋውን ሳልሰማ አለቀስኩ።

ከሁሉ የነካኝን ልንገርህ። ሞዴስት መስማት የተሳነው ኮልያ የሚባል ልጅ አስተማሪ ነበር። እንዴት እንደሚያስተምረው ለመማር በ1876 እስከ ፈረንሳይ፣ ሊዮን ድረስ ሄዷል። ለብዙ ዓመታት አብሮት ሆኖ እንዲናገር አስተማረው። ከዚያ በኋላ ለወንድሙ «ዮላንታ»ን ጻፈ፣ በ1892 መድረክ ወጣ። ዓይነ ስውር ልዕልት ናት፤ አባቷ ብርሃን የሚባል ነገር እንዳለ እንኳ እንዳይነግሯት ሰውን ሁሉ ከልክሏል። ይህን ታሪክ ሳነብ ኮልያ ከፊቴ አይጠፋም።

ለሌላው ሩሲያዊ ሙዚቃ ደራሲ ለራህማኒኖቭም «ፍራንቼስካ ዳ ሪሚኒ» ለሚባለው ኦፔራ ቃሉን ጽፏል። ፒዮትር በ1893 ያረፈው በእሱ ቤት ነው። ከዚያ በኋላ ሞዴስት የወንድሙን የሕይወት ታሪክ በሦስት ቅጽ ጻፈ፣ ክሊን ከተማ ያለውን የወንድሙን ቤትም ሙዚየም አደረገው። ሰው ግን ዛሬም ቻይኮቭስኪ ሲል እሱን ማለቱ አይደለም። ይህ አንተን እንደሚያምህ አውቃለሁ፣ እኔንም አሞኛል። ያም ሆኖ በ«ፒኮቫያ ዳማ» የሚዘፈነው አብዛኛው ቃል ከአንድ ሰው እጅ የወጣ ነው፤ እኔም ሰውዬውን ፈልጌ አገኘሁት። ያንተንም ዘፈን በሰማሁት ቁጥር አጠገቤ ላለው ሰው ግጥሙ የማን እንደሆነ እናገራለሁ።

ያቺ ሰማያዊ ደብተርህ አለች? ስለ እናትህ የጀመርካት፣ ሁለተኛው ቤት ላይ የቆመችው ግጥም ምን ደረሰች? ባታልቅም ፎቶ አንስተህ ላክልኝ። እማማን ሳምልኝ።

ናፋቂህ