ከርሰ ምድርን በመጻሕፍት፦ የጂኦፊዚክስ ንባብ ክበብ የዓመቱ ዘገባ

የክበባችን የዓመቱ ሥራ የተጀመረው በጠመኔ ነው። በመጀመሪያው ስብሰባ አንዲት ተማሪ ሰሌዳው ላይ ከመሐሉ እስከ ዳሩ 50 ሴንቲ ሜትር የሆነ ክብ ሣለች፤ ይህ መሬት ነው አልኳቸው። ቀጥዬ የሰው ልጅ እስከ ዛሬ የቆፈረውን እጅግ ጥልቅ ጉድጓድ በዚሁ ልኬት እንዲያመለክቱልኝ ጠየቅሁ። በሩሲያ፣ በኮላ ልሳነ ምድር የተቆፈረው ጉድጓድ በ1989 የደረሰበት ጥልቀት 12,262 ሜትር ነው። (በዚህ ዘገባ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) የመሬት ሬዲየስ ደግሞ በአማካይ 6,371 ኪሎ ሜትር ነው። አስልተው ሲጨርሱ ውጤቱ አንድ ሚሊ ሜትር ገደማ ሆነ። የጠመኔው መስመር ውፍረት ራሱ ከዚያ ይበልጥ ነበር።

ክፍሉ ጸጥ አለ። ከዚያ አንድ ልጅ ከኋላ ወንበር «ታዲያ የቀረውን ማን አይቶ ነው የጻፉት?» ብሎ ጠየቀ። ዓመቱን ሙሉ ያነበብነው ይህንን ጥያቄ ይዘን ነው። ከርስ ማለት ሆድ ነው፤ የምድር ሆድ እንደ ሰው ሆድ ተደብቆ ሳለ ስለ እሱ ይህን ያህል መጽሐፍ እንዴት ሊጻፍ ቻለ?

አጀማመራችን ግን አላማረም፤ ጥፋቱም የእኔ ነበር። በዩኒቨርሲቲ ሳለሁ እጅግ የወደድኩትን፣ ተርኮት እና ሹበርት የጻፉትን «ጂኦዳይናሚክስ» የተባለውን መጽሐፍ ይዤላቸው መጣሁ። መጽሐፉ ለመጀመሪያ ጊዜ የታተመው በ1982 ሲሆን በዘርፉ ከተጻፉት ታላላቅ መማሪያዎች አንዱ ነው። ይሁን እንጂ የሚናገረው በካልኩለስ ነው። በሁለተኛው ሳምንት ልጆቹ የሚገለብጡት ገጽ ሁሉ ዲፈረንሺያል እኩልታ ሆነባቸው። በአራተኛው ሳምንት ከተመዘገቡት 26 አባላት የመጡት 12 ብቻ ነበሩ። አንዲት የ10ኛ ክፍል ተማሪ «መምህር፣ መሬትን ልናጠና መጥተን ፊደል እየቆጠርን ነው» አለችኝ። እውነቷን ነበር። መጽሐፉን በክብር ወደ መደርደሪያው መለስኩት።

በእሱ ቦታ የብሩስ ቦልትን «በመሬት ውስጥ» አመጣሁ። ይህም የታተመው በ1982 ነው። ከዋናው ርእስ ሥር «ከመሬት መንቀጥቀጥ የተገኘ ማስረጃ» የሚል ንዑስ ርእስ አለው፤ ልጆቹን የያዛቸው «ማስረጃ» የሚለው ቃል ነው። ስለ መሬት ውስጥ የሚያወሩ ብዙ መጻሕፍት የመሬትን ንብርብሮች ከላይ ወደ ታች ቅርፊት፣ ማንትል (ከቅርፊቱ ሥር ያለው ወፍራም የድንጋይ ንብርብር)፣ ውጫዊ እምብርት፣ ውስጣዊ እምብርት ብለው ይደረድሩና በባለ ቀለም ሥዕል ይደመድማሉ። ተማሪው አራቱን ስም ሸምድዶ ፈተናውን ያልፋል፤ አንዱም እንዴት እንደታወቀ ግን አያውቅም። እኔ እንዲህ ያለውን መጽሐፍ ለክበባችን አልመርጥም። የምመርጠው፣ መደምደሚያውን ከመናገሩ በፊት ልኬቱን አሳይቶ አንባቢውን «አንተስ ምን ትላለህ?» የሚለውን ነው።

ማስረጃውን በእጃችን የነካነው በመሬት ስበት ነው። አንድ የ11ኛ ክፍል ተማሪ ከፊዚክስ ትምህርቱ የሚያውቃቸውን ሦስት ቁጥሮች፣ ማለትም የስበት ፍጥነት ለውጡን 9.8፣ የመሬትን ሬዲየስና የስበትን ቋሚ ቁጥር አገናኝቶ የመሬትን መጠነ ቁስ አወጣ። መጠነ ቁሱን ለይዘቱ ሲያካፍል አማካይ እፍግታዋን በአንድ ኩብ ሴንቲ ሜትር 5.5 ግራም ገደማ አገኘ። እርሳሱን አስቀምጦ ከግቢው የለቀመውን ድንጋይ በሚዛንና በውኃ ለካ፤ 2.7 ገደማ ሆነ። ድንጋዩ ከመሬት አማካይ እፍግታ ግማሹን ብቻ የሚይዝ ከሆነ ከታች በጣም የከበደ ነገር መኖር አለበት። ሄንሪ ካቨንዲሽ በ1798 በክር ላይ በተንጠለጠሉ የእርሳስ ኳሶች ሙከራ የደረሰበት ቁጥርም 5.45 ገደማ ነበር። ልጁ ይህን ከመጽሐፉ ላይ ሲያነብ የራሱን ደብተር መልሶ መላልሶ ያየው ነበር።

ከዚያ በኋላ ዋናው መጽሐፋችን የሜሪ ፋውለር «ጠጣሯ መሬት» ሆነ። የመጀመሪያው እትም የወጣው በ1990 ነው። ከዳር እስከ ዳር አላነበብነውም፤ እንዲነበብም አልመክርም። በቀጥታ ስለ መንቀጥቀጥ ሞገዶች ወደሚናገረው ምዕራፍ 4 ገባን፣ ስለ ሙቀት ወደሚያወሳው ምዕራፍ 7 ዘለልን፣ በመጨረሻም ስለ ጥልቁ የመሬት ክፍል ወደሚተርከው ምዕራፍ 8 ደረስን። የፊዚክሱ ማብራሪያ ሲያጥረን ከጎኑ የዊሊያም ላውሪን «የጂኦፊዚክስ መሠረቶች» እንከፍታለን። በሁለተኛው እትሙ ከበድ ያለው ሒሳብ ለብቻው በሣጥን ተከልሎ ስለተቀመጠ፣ ያልቻለ ሣጥኑን ዘሎ ታሪኩን ይከተላል፤ የቻለ ደግሞ እዚያው ይታገላል። ለተለያዩ ክፍል ተማሪዎች እንዲህ ያለ መጽሐፍ ትልቅ ዕርዳታ ነው።

በሞገዶች ላይ የቆየነው ሁለት ወር ሙሉ ነው፤ አላበዛነውም። መንቀጥቀጥ በመሬት ውስጥ ሁለት ዓይነት ሞገድ ይልካል። ፈጥኖ የሚደርሰው ፒ ሞገድ በጠጣርም በፈሳሽም ያልፋል፤ ዘግይቶ የሚደርሰው ኤስ ሞገድ ግን በፈሳሽ ውስጥ አያልፍም። በማንትል ግርጌ በሰከንድ 13.7 ኪሎ ሜትር የሚጓዘው ፒ ሞገድ ውጫዊውን እምብርት ሲነካ በድንገት ወደ 8 ኪሎ ሜትር ይወርዳል፤ ኤስ ሞገድ ደግሞ ጭራሹኑ ይጠፋል። ይህን በቃል መስማት አንድ ነገር ነው፤ በሳይስሞግራም፣ ማለትም የመንቀጥቀጥ መለኪያ መሣሪያ በሚያወጣው መዝገብ ላይ መፈለግ ሌላ። የአንድ መንቀጥቀጥ የሦስት ጣቢያ መዝገብ አትሜ አደልኳቸው። በቅርብ ርቀት ለደረሰ መንቀጥቀጥ በፒ እና በኤስ መምጫ መካከል ያለውን የሰከንድ ልዩነት በ8 ማባዛት ርቀቱን በኪሎ ሜትር ይሰጣል። በየጣቢያው ዙሪያ በዚያ ርቀት ልክ ሦስት ክቦችን በኮምፓስ ሲሥሉ፣ ክቦቹ አንድ ነጥብ ላይ በመግጠም ፈንታ ትንሽ ሦስት ማዕዘን ሠሩ። ልጆቹ ተሳሳትን ብለው ሊያጠፉት ላጲስ አነሡ። እኔ ግን ያ ሦስት ማዕዘን እንዲቀመጥ አደረግሁ፤ ስምንት የተባለው ቁጥር ግምት ነው፣ የመንቀጥቀጡ ጥልቀትም በካርታው ላይ አይታይም። የስህተቱን ስፋት መሬቱ ራሱ ሥሎላቸዋል።

የካርድ ሣጥናችን የተወለደው በዚህ መሐል ነው። ዴንማርካዊቷ የመንቀጥቀጥ ተመራማሪ ኢንገ ሌማን በ1936 ያሳተመችው ጽሑፍ ርእሱ አንድ ፊደልና አንድ ጭረት ብቻ ነበር። ከመንቀጥቀጡ ማዕከል ከ104 እስከ 140 ዲግሪ ገደማ (ርቀቱ ከመሬት መሐል በሚለካ ማዕዘን ሲገለጽ) ያለው አካባቢ የጥላ ቀጠና ነው፤ ፒ ሞገድ በቀጥታ አይደርስበትም። ይሁንና በ1929 በኒውዚላንድ የደረሰው መንቀጥቀጥ በዚያ ቀጠና ውስጥ ደካማ ሞገዶችን አስመዘገበ። ሌሎች በሌላ ምክንያት ሊያልፉት የሞከሩትን እሷ አልተወችውም፤ በፈሳሹ እምብርት ውስጥ ሞገዱን የሚመልስ ሌላ እምብርት አለ አለች። ዛሬ የውስጣዊው እምብርት ሬዲየስ 1,220 ኪሎ ሜትር ገደማ እንደሆነ እናውቃለን። ኮምፒውተር ባልነበረበት ዘመን የመንቀጥቀጦቹን መረጃ በካርዶች ላይ ጽፋ በአጃ ካርቶኖች ትደረድር ነበር። ይህን ስነግራቸው ሁለት ተማሪዎች በማግስቱ የጫማ ካርቶን ይዘው መጡ። በእያንዳንዱ ካርድ ላይ ሦስት መስመር ይጻፋል፦ ቁጥሩ፣ እንዴት እንደታወቀ፣ በየትኛው መጽሐፍ በየትኛው ገጽ ላይ እንደተገኘ።

ካርዶቹ ወዲያው ክርክር አመጡ። አንዱ ካርድ የማንትልና የእምብርቱ ወሰን 2,900 ኪሎ ሜትር ላይ ነው ይላል፤ ሌላው 2,891። አንዲት ተማሪ የኅትመት ስህተት መስሏት ላከችልኝ። ሁለቱም ልክ ነበሩ። የመጀመሪያው የመንቀጥቀጥ ተመራማሪው ቤኖ ጉተንበርግ ከአንደኛው የዓለም ጦርነት ዋዜማ ጀምሮ ያስታወቀው ቁጥር ነው፤ ሁለተኛው ድዚዎንስኪ እና አንደርሰን በ1981 ባወጡት መደበኛ የመሬት ሞዴል ውስጥ ያለው ነው። በእጅ ሥሌትና በጥቂት ጣቢያዎች የተገኘ ቁጥር ከሰባ ዓመት ገደማ በኋላ የተስተካከለው በዘጠኝ ኪሎ ሜትር ብቻ መሆኑ እኔን ራሴን ያስደንቀኛል። ልጅቱ ሁለቱንም ካርዶች በክር አስራ መለሰቻቸው።

የሙቀቱ ምዕራፍ የዓመቱ ምርጥ ንባባችን ነበር። ከመሬት ገጽ አጠገብ ሙቀቱ በየኪሎ ሜትሩ 25 ዲግሪ ገደማ ይጨምራል። በዚሁ ሒሳብ እስከ መሐሉ ሲባዛ 159,000 ዲግሪ ይመጣል፤ ከፀሐይ ገጽ ሃያ ስምንት እጥፍ ገደማ! የመሐሉ ሙቀት ግን ከ5,000 እስከ 6,000 ዲግሪ ነው የሚገመተው። ልጆቹ የት ላይ እንደተሳሳቱ የገባቸው ኬልቪንን ካነበቡ በኋላ ነው። የፊዚክስ ሊቁ ኬልቪን በ1862 መሬት እንደ ጠጣር ድንጋይ ቀስ እያለች ትቀዘቅዛለች ብሎ ዕድሜዋን ከ20 እስከ 400 ሚሊዮን ዓመት አደረገው። ብዙ መጻሕፍት ስህተቱን ራዲዮአክቲቭነትን፣ ማለትም በድንጋይ ውስጥ ያሉ አንዳንድ አቶሞች እየፈረሱ ሙቀት መስጠታቸውን፣ ባለማወቁ ላይ ብቻ ያሳብባሉ። መሐንዲሱ ጆን ፔሪ ግን በ1895 ሌላ ነገር አሳየ፦ በጥልቁ ያለው ነገር ሙቀትን እየተንቀሳቀሰ የሚያመላልስ ከሆነ የኬልቪን ሥሌት ይፈርሳል። የማንትል ድንጋይ ጠጣር ቢሆንም በሚሊዮን ዓመታት እየፈሰሰ ሙቀቱን ይዞ ይወጣል፤ ስለዚህ ሙቀቱ በጥልቀት እንደ ቅርፊቱ አይንርም። ዛሬ የመሬት ዕድሜ 4.54 ቢሊዮን ዓመት ነው። በ1904 ኬልቪን ራሱ በተቀመጠበት አዳራሽ ስለ ራዲዮአክቲቭ ሙቀት ያስተማረው የፊዚክስ ሊቁ ኧርነስት ራዘርፎርድ ነበር፤ ይህን ምዕራፍ የጻፈችልን ሜሪ ፋውለር ደግሞ የራዘርፎርድ የልጅ ልጅ ልጅ ናት። ይህን ስናገር ልጆቹ የመጽሐፉን ሽፋን ገልብጠው ስሟን በጣታቸው ዳሰሱት።

ከመደርደሪያ ያገኘናቸው የቆዩ መጻሕፍት ሌላ ትምህርት ሰጡን። አንዱ ተራሮች የተፈጠሩት መሬት ቀዝቅዛ ስለተጨማደደች ነው ይላል። ከ1960ዎቹ አጋማሽ በፊት የተጻፈ መጽሐፍ ስለ አህጉራት እንቅስቃሴ የሚለውን በጥንቃቄ ማየት ያስፈልጋል፤ ስለ ሞገድና ስለ ስበት የሚለው ግን ብዙው ዛሬም ይሠራል። የጂኦፊዚክስ ሊቁ ሃሮልድ ጄፍሪስ በ1926 እምብርቱ ፈሳሽ መሆኑን ያሳየ ሰው ነው፤ የአህጉራትን መንሸራተት ግን እስከ ሕይወቱ ፍጻሜ አልተቀበለም። አሁን ልጆቹ መጽሐፍ ሲያነሡ አስቀድመው የሚያዩት የታተመበትን ዓመት ነው።

የመሬትን ማግኔታዊ መስክ በአንድ ስብሰባ ብቻ ነክተነው አልፈናል፤ ማዕድን ለመፈለግ የሚያገለግሉትን ዘዴዎች ጨርሶ አልደረስንባቸውም። በሚቀጥለው ዓመት ከቦልት እንጀምራለን፣ በፋውለርና በላውሪ እንቀጥላለን። ካልኩለስ ለጀመሩት የ12ኛ ክፍል ተማሪዎች «ጂኦዳይናሚክስ»ን ከመደርደሪያው አወርደዋለሁ። በዓመቱ መጨረሻ 19 አባላት ነበሩን።

በጫማ ካርቶኑ ውስጥ አሁን 140 ካርዶች አሉ። የመጨረሻውን የጻፈችው በአራተኛው ሳምንት ፊደል እየቆጠርን ነው ያለችኝ ተማሪ ናት። ከላይ «የውስጣዊው እምብርት ዕድሜ» ብላለች፤ ከሥሩ ከግማሽ ቢሊዮን ዓመት እስከ ከአንድ ቢሊዮን በላይ የሚደርሱትን የተለያዩ ግምቶች ጽፋለች። «እንዴት ታወቀ» የሚለውን መስመር ባዶ ትታ በእርሳስ አስምራበታለች።