ይድረስ ራሷን ለምትቀርጸው ልጄ

የምወድሽ ልጄ፣ ለጤናሽ እንዴት ነሽ? እኛ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነን። አባትሽ ጉልበቱን ያመዋል እንጂ ጨዋታው እንዳለ ነው።

የላክሽልኝን ቪዲዮ ደጋግሜ አየሁት። በጣም ታምሪያለሽ፤ ጣጣውም እሱ ነው። ሰዓሊ ስለ ራሷ ፊልም ሠርታ ቀለም የነካው አንድ ጣት እንኳ አላየሁም። እንደ ፓስፖርት ፎቶ ፊትሽ ብቻ!

ካሮሊ ሽኒማን የምትባል አሜሪካዊት ሰዓሊ ነበረች፤ በ2019 አረፈች። (ዓመቱን በፈረንጅ ነው የምነግርሽ።) በ1950ዎቹ መጨረሻ አንድ ፊልም ሠሪ ጓደኛዋ እሷንና ፍቅረኛዋን ቀርጿቸው ነበር። እሷን የወጥ ቤት ሽርጥ አስለብሶ። ፊልሙ ላይ ሰዓሊዋ የለችም፣ ባለ ሽርጧ ብቻ። ይሄ አንገብግቧት ኖሮ በ1964 ቦሌክስ ካሜራ ተውሳ የራሷን የፍቅር ሕይወት ራሷ መቅረጽ ጀመረች። ያንን ፊልም ግማሹን ዓይኔን ጨፍኜ ነው ያየሁት፤ እናትሽ ነኝ፣ ምን ላድርግ! ግን ሥራው የሰዓሊ ነው። የፊልሙን ጥቅል ራሱን ቀለም ቀባችው፣ ቧጠጠችው፣ ኦቨን ውስጥ አሞቀችው፣ ዝናብ አስመታችው። ካሜራው እንደ ድሮ ሰዓት በእጅ የሚሞላ ስለሆነ አንዴ ከሞላ 30 ሰከንድ ያህል ሄዶ ቀጥ ይላል። እንዳንቺ ስልክ ዝም ብሎ አይቀዳም።

እኔ የምወደው ግን የድመቷን ነው። ኪች የምትባል ያረጀች ድመት ነበረቻት። በየሳምንቱ ስትበላ ልቅረጻት፣ ስትሞት ፊልሙም ያልቃል ብላ በ1973 ሱፐር 8 በሚባለው ትንሽ የፊልም ዓይነት ጀመረች። ድመቷ እስከ 1976 ቆየች። ለአንድ ሳህን ምግብ ብላ ካሜራ ስታነሳ ኑሮዋ ሁሉ ተከትሎ ገባ፦ ወጥ ቤቱ፣ ግቢው፣ በቤቱ አጠገብ የሚያልፈው ባቡር፣ አብሯት የሚኖረው ሰው። ፊልሙ የሚታየው በሁለት ፕሮጀክተር ነው፣ አንዱ ምስል ከሌላው በላይ ሆኖ። ለእኔ እሷን በደንብ ያወቅኳት እዚያ ነው፤ ምን ላይ ዓይኗ እንደሚቆይ አይቼ።

ድምፁ ላይ ደግሞ አንድ ፊልም ሠሪ ወንድ እሱና መሰሎቹ ሥራዋን ለምን ማየት እንደማይፈልጉ ሲነግራት ትተርካለች። የግል ዝብርቅርቅ፣ ስሜት የበዛበት፣ የማስታወሻ ደብተር ቅብጠት፣ የሰዓሊ ዝርክርክነት። ስድቡን ሳትደብቅ እዚያው ፊልሙ ውስጥ ከተተችው! መምህርሽ “በጣም የግል ነው” ያለሽን አስታወሰኝ። እሱንም ቅጂው።

በሚቀጥለው ብሩሽ የምታጥቢበትን ገንዳ አሳዪኝ። ያልተነጠፈውን አልጋ፣ ሰርዘሽ ፊቱን ወደ ግድግዳ ያዞርሽውን ሸራ። ስልኩን መደርደሪያ ላይ አስደግፊና ሥራሽን ሥሪ፣ ወደሱ አትዪ። ፊትሽ ሲመጣ ይምጣ።

ወንድምሽን ግን ሳታስፈቅጂ እንዳትቀርጪው፣ ኋላ እኔ ነኝ የምሰማው። ለሃርድ ዲስኩ ያልሽውን ብር ሐሙስ አስገባልሻለሁ።

እናትሽ