ስሙ የተፋቀ ብራና አትንካ

ይድረስ ለልጄ፣

እንደምን ሰነበትክልኝ? እኛ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነን። የእናትህ ጉልበት ብቻ ነው ትንሽ ያስቸገራት። በቴሌግራም ልጽፍልህ ነበር። አንተ ግን ረዘም ያለ ነገር ስታይ "እሺ አባዬ" ብለህ ነው የምታልፈው። ስለዚህ በወረቀት ጽፌ ለሰው ሰጠሁት።

ባለፈው እሁድ አክስትህ ከሲልቨር ስፕሪንግ ደውላ ነበር። ልታስደስተኝ ብላ ነው፣ እንዳትቀየማት። "ልጅህ አለፈለት፣ ከጥንት ዕቃ ነጋዴዎች ጋር ገባ፣ ግዕዙን የሚያነብላቸው እሱ ነው" አለችኝ። ደስ ብሎኝ ነበር። ቀጥላ ብራናው ቅጠል በቅጠል እየተገነጠለ በኢንተርኔት እንደሚሸጥ፣ ሥዕል ያለበት ደግሞ ፍሬም ሲገባ ዋጋው ሌላ እንደሆነ ነገረችኝ። ያኔ ነው ነገሩ የገባኝ። ለፋሲካ "አያቴ አገር ስትወርድ የቤተ ክርስቲያኑን ዕቃ ቤት መጻሕፍት ፎቶ አንስተህ ላክልኝ" ብለኸኝ አልነበር? እኔ ናፍቆት መስሎኝ።

አላነሳሁም። አላነሳምም።

አንድ ነገር ብቻ ስማኝ። ስሙ የተፋቀ ብራና አትንካ። ሲያመጡልህ ሥዕሉን ትተህ መጀመሪያ የፊቱንና የመጨረሻውን ቅጠል እይ። የባለቤቱና የደብሩ ስም አብዛኛውን ጊዜ እዚያ ነው ያለው። በጣትህ ዳስሰው። ቀለሙ የደበዘዘ ብቻ ሳይሆን ቆዳው ራሱ ከሳሳና ከሻከረ ምላጭ አርፎበታል። አያትህ "ዘሰረቆ ወዘፈሐቆ" እያለ መጽሐፉ ላይ የተጻፈውን ግዝት ሲያነብልህ ትስቅ ነበር። የሰረቀውና የፋቀው ማለት ነው። የድሮ ሰዎች ሌባ ከሰረቀ በኋላ እጁ ወዴት እንደሚሄድ ያውቁ ነበር።

መቅደላን እንደምታነሳብኝ አውቃለሁ። እውነትህን ነው። እንግሊዞች በ1860 የዘረፉትን በ15 ዝሆንና ወደ 200 በሚጠጋ በቅሎ ጭነው ደላንታ ሜዳ ላይ ሐራጅ አወጡት። የብሪትሽ ሙዚየም ሰው እዚያው ቆሞ ይገዛ ነበር። ዐፄ ዮሐንስ ክብረ ነገሥቱን መልሱልኝ፣ ያለሱ ሕዝቤ አይታዘዝልኝም ብለው እስከ መጻፍ ደርሰዋል። ተመለሰላቸውም። ግን ልጄ፣ አንተ ጠረጴዛ ላይ የሚቀመጠው ከመቅደላ የመጣ አይደለም። የኛው ሰው ትናንት በዘንቢል ያወጣው ነው። ለዚህ እንግሊዝን መክሰስ አይቻልም። የቅርስ አዋጁ 209/1992 ደግሞ ያለ ፈቃድ የወጣ ቅርስን ምን እንደሚለው ከኔ ይልቅ አንተ ታውቃለህ።

ሲራክ አስፋውን አስበው። እንዳንተው ስደተኛ ነበር። ሮተርዳም ቤቱ ያረፈ እንግዳ ሻንጣ ውስጥ የጨለቆት ሥላሴን ዘውድ ሲያገኝ ከቤቴ አይወጣም አለ። ሃያ አንድ ዓመት ደብቆ አቆየው። በ2012 ለአገሩ አስረከበ። ሃያ አንድ ዓመት! አንተ አንድ ቁልፍ ሳትጥል ወር አታቆይም።

በርበሬ ልኬልሃለሁ። ፍሪዘር ውስጥ አስገባው፣ ያለፈው ነቀዘብህ።

አሁን የምነግርህን ለእናትህ እንዳታነሳባት። የአያትህን ዳዊት ለእሷ ሕክምና ሸጥኩት እያልኩ ስንት ዓመት ኖርኩ። ውሸት ነው። ለቴሌቪዥን ነው የሸጥኩት። የ86ቱ (በፈረንጅ 94) የዓለም ዋንጫ ሊጀመር ነበር፣ የጎረቤት ደጅ ቆሜ ማየት ሰለቸኝ። ፒያሳ አካባቢ አንድ ነጋዴ 600 ብር ሰጠኝ። አባቴ ከሞተ ዓመት አልሞላውም። ሰውየው ከማኅደሩ አወጣው፣ የመጨረሻውን ቅጠል ገለጠ፣ ከመሳቢያው ምላጭ አወጣ። እዚያው ፊቴ የአባቴን ክርስትና ስም ፋቀው። በቀይ ነበር የተጻፈው። ባንኮኒው ላይ እንደ በርበሬ ዱቄት ረገፈ። እፍ አለው። እኔ ብሩን እየቆጠርኩ ነበር።

በፍጻሜው የጣልያኑ ባጂዮ የፍጹም ቅጣት ምቷን ወደ ሰማይ ሲልካት አንተ እግሬ ሥር ተቀምጠህ ጮህክ። እኔ አልጮህኩም። ሁላችሁም ለጣልያን አዝኖ ነው አላችሁ።

ስለዚህ ስሙ የተፋቀ ብራና አትንካ የምልህ ሊቅ ሆኜ አይደለም። እነዚያን ሰዎች በዚህ ወር ተሰናበታቸው። "ሌላ ሥራ እስካገኝ" አትበለኝ፤ የቤት ኪራይህን ለሁለት ወር እኔ ከእድሩ ተበድሬም ቢሆን እሸፍናለሁ። እስከዚያ ያየኸውን ሁሉ ፎቶ አንስተህ አስቀምጥ፣ መጠኑን በሴንቲሜትር ለካ። እዚያው አሜሪካ ሚኒሶታ፣ ከ1973 እ.ኤ.አ. ጀምሮ እዚህ በማይክሮፊልም የተነሡ የብራና መጻሕፍት ስብስብ አለ። ከዚያ ጋር አመሳክር። የየትኛው ደብር እንደሆነ ካወቅህ ለቅርስ ባለሥልጣን ጻፍ። በስምህ ጻፍ፣ አትፍራ።

ጃኬት ልበስ። እናትህ ናት ያለችው።

ደግሞ አንድ ነገር። የአያትህ ዳዊት የኋላው የሽፋን ገበታ ተሰንጥቆ በሽቦ የታሰረ ነው። "ተሣሃለኒ" ላይ የጧፍ ጠብታ አለ። ስሙ ከተፋቀበት ሥር፣ አምስት ዓመትህ እያለ በሰማያዊ እስክሪብቶ ሀ ሁ ሂ ብለህ ሞነጫጭረህበት የተገረፍክበት አለ። ነጋዴው እሱን አልፋቀውም። እሱን ካየህ ንካው። እዚህ ሌሊት ነው ብለህ አትጠብቅ፣ ደውልልኝ።

አባትህ