ኳሱን ይዞ ለሚጠፋው ቡችላ

ሲልቨር ስፕሪንግ፣ ሜሪላንድ

ሚኪዬ፣ እንዴት ከረምክ? እማዬስ ጉልበቷ ተሻላት? እኔ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነኝ።

የላክልኝን ቪዲዮ አይቼ በሳቅ ሞትኩ። ቡችላው ኳሷን አፈፍ አድርጎ እልም፣ አንተ ከኋላው፣ እማዬ ደግሞ «ልብሴን ከገመዱ አወረደብኝ!» እያለች። «እንዴት ነው የሚመልሰው?» ላልከው፣ እህትህ አሁን ባለሙያ ናት። የሰው ውሻ ማንሸራሸር እንደጀመርኩ ስነግራት እማዬ «አሜሪካ ድረስ ሄደሽ የውሻ እረኛ ሆንሽ?» አለችኝ። ክፍያውን ስነግራት ዝም አለች።

ውሻ ኳስ አባሮ እንዲይዝ አስተማሪ አያስፈልገውም። ችግሩ መመለሱ ላይ ነው። ከማንሸራሽራቸው አንዱ ላብራዶር ነው። ዘሩ አዳኝ የጣለውን ዳክዬ ከውሃ አውጥቶ እንዲያመጣ ተመርጦ የተዳቀለ ነው። እሱም ቢሆን መጀመሪያ ላይ ኳሱን ይዞብኝ ይጠፋ ነበር። የእኛው የግቢ ጠባቂ ቢያስቸግርህ አትፍረድበት።

ዋናው ነገር፣ አታባርረው! ስታባርረው ለእሱ አባሮሽ ነው፤ ኳሷን ለምን ይመልሳል? ጀርባህን ስጠውና ወደ ሌላ አቅጣጫ ሩጥ። ኳሷን በአፉ እንደያዘ ይከተልሃል።

ግቢ ውስጥ ሳይሆን ኮሪደሩ ላይ ጀምር። በሮቹን ዝጋ፣ ማምለጫ አይኑረው። ደግሞ እጅህን አንስተህ አትወርውር፣ መሬት ለመሬት አንከባልላት። የእኛ ሰፈር ውሻ ሰው እጁን ካነሳ ድንጋይ የሚወረውርበት መስሎት እንደሚፈረጥጥ ታውቃለህ። ያንተም ከመንገድ የመጣ ስለሆነ ይደነግጣል።

አንድ ዓይነት ሁለት ኳስ ያዝ። አንዷን ይዞ ሲመጣ ሌላኛዋን እያነጠርክ አሳየው። አፉን ከፍቶ ሲጥላት «ልቀቅ» በለውና ወዲያው ሁለተኛዋን አንከባልልለት። ከአፉ ለመንጠቅ አትታገል፣ ጉተታም ለእሱ ጨዋታ ነው። መጀመሪያ አካባቢ ጥፍር የምታህል ሥጋ ጣል አድርግለት። ጾም ከሆነና እማዬ ከተቆጣች ዳቦም ይሠራል። ገና እየጓጓ ሳለ አቁም፤ እስኪሰለቸው ካጫወትከው ነገ አይመጣልህም።

የካልሲ ኳስ ግን እንዳትሰጠው! ቦጭቆ ከዋጠው አንጀቱን ይዘጋዋል። እንጨትም አትወርውርለት፣ ስንጥሩ ጉሮሮውን ይወጋዋል። የቴኒስ ኳስ ይሻላል፤ እሱንም ከጨዋታ በኋላ ደብቀው። ቀኑን ሙሉ ካኘከው ጸጉሩ ጥርሱን ይሞርደዋል። የእብድ ውሻ በሽታ ክትባቱን ደግሞ ከሁሉም በፊት አስወጋው። ብሩን ከእማዬ ወጪ ጋር እልካለሁ፣ ጫማ እንዳትገዛበት።

ኳሶቹን ለፋሲካ ወደዚያ ከሚመጣ ሰው ጋር እሰዳለሁ። እስከዚያው እማዬን የልብስ ገመዱን ከፍ አድርጋ እንድታስር ንገራት።

እህትህ